ድመቷ አልተኛችም

በመጽሐፍ ውስጥ ድመት ተጠቅልላ ከተኛች አገር ሰላም ነው ይባላል፤ አንባቢው ትከሻውን ያላላ፣ ልጁ ዓይኑን ይክደን፣ ደራሲውም እስክታስፈልገው ድረስ ይርሳት። ይህን የማያምን ሠዓሊ፣ አሳታሚ ወይም ለልጁ መጽሐፍ የሚገዛ ወላጅ እስካሁን አላጋጠመኝም። እንግሊዝኛ አንባቢዎች «ኮዚ» የሚሉትን ለስላሳ የወንጀል ልቦለድ ከመደርደሪያ አንሡና ሽፋኑን ተመልከቱ። የመጻሕፍት መደብር መስኮት ወይም የዳቦ ቤት ባንኮኒ፣ የሚጨስ የሻይ ስኒ፣ የሹራብ ክር፣ መሐል ላይ ጭራዋን አፍንጫዋ ላይ የጠቀለለች ድመት። ጥግ ላይ፣ ጎላ ሳይል፣ የተደፋ የመርዝ ጠርሙስ ወይም ቢላዋ አለ። መልእክቱ ግልጽ ነው፤ ሰው ይሞታል፣ ግን አትጨነቁ፣ ድመቷ እንኳ አልነቃችም።

ይህ አመለካከት ስሕተት ነው። ስሕተቱ የድመትን ጠባይ ካለማወቅ ይጀምርና ታሪክ እንዴት እንደሚሠራ እስከ አለማወቅ ይዘልቃል። ዘመን በተሻገሩት ታሪኮች ውስጥ የድመት እንቅልፍ ዘብ ነው፣ ወጥመድ ነው፣ ይዞታ ማስከበሪያ ነው፤ እንዲያውም አንድ መጽሐፍ ውስጥ ሞት ራሱ ነው። ጌጥ ብቻ ሆኖ የሚቀረው ደራሲው ሲሰንፍ ነው።

የተቃራኒዎቼን ክርክር ሳላሳንስ ላቅርብ፤ ደካማ አይደለምና። ድመት በእውነትም ትተኛለች ይላሉ። ጤነኛ ድመት ከ24 ሰዓት ውስጥ ከ12 እስከ 16 የሚሆነውን ሰዓት በእንቅልፍ ታሳልፋለች፤ ስለዚህ ተኝታ የሳላት ሰው እንዳለች ሳላት እንጂ አልዋሸም። የለስላሳው ወንጀል ልቦለድ ወዳጆች ደግሞ ውል ይጠቅሳሉ። በዚህ ዓይነት መጽሐፍ ደራሲና አንባቢ ተስማምተዋል፤ ደም ገጹ ላይ አይረጭም፣ ሥቃይ አይዘረዘርም፣ ገዳዩ በመጨረሻ ይያዛል። ቀኑን ሙሉ ሲደክም የዋለ ሠራተኛ፣ ሆስፒታል አልጋ ላይ ያለ ሕመምተኛ፣ ሌሊቱ አልነጋ ያለው ሐዘንተኛ ይህን ውል ይፈልገዋል፤ የድመቷ ሸለብታ የውሉ ማኅተም ነው። ማንን ጎዳ? ወላጆችም የሚሉት አላቸው። የመኝታ ሰዓት መጽሐፍ የተጻፈው ለማስተኛት ነው፣ ልጅ ደግሞ ያየውን ይከተላል፤ የተኛች ድመት ያየ ልጅ ይተኛል። ነገሩን ጠለቅ አድርገው የሚያዩት ደግሞ ምሳሌው ጥንታዊ ነው ይላሉ። ድመት ተጠራጣሪ እንስሳ ናት፤ በአንድ ቤት ውስጥ ሆዷን ገልጣ ከተኛች፣ ያ ቤት የሚያስፈራ ነገር የለበትም ማለት ነው።

ጥሩ ክርክር ነው። አንዱም ግን አይቆምም።

ትተኛለች ስንል ምን ማለታችን ነው? ድመት ጎሕ ሲቀድና ሲመሽ የምታድን እንስሳ ናት፤ የምትይዘው ደግሞ አባራ ሳይሆን አድፍጣ ነው። እንዲህ ያለ አዳኝ ጉልበቱን ማጠራቀም አለበት። ቀን የቆጠበችውን አመሻሽ ላይ በአንድ ዝላይ ታጠፋዋለች። ከዚያ ሁሉ የእንቅልፍ ሰዓት ውስጥም አብዛኛው ስስ ነው። አጠገቧ ቁጭ ብሎ የታዘበ ሰው ያውቀዋል፤ ዓይኗ ተከድኗል፣ ጎኗ በዝግታ ይነሣል ይወድቃል፣ ጆሮዋ ግን ሥራ ላይ ነው። በሩ ሲንሿጠጥ አንደኛው ጆሮ ወደ በሩ ይዞራል፣ ሌላው ባለበት ይቀራል። ወፍጮ ቤት የሚውል ሰው ደግሞ ከሁላችንም በላይ ያውቀዋል። ድመቷ ጆንያ ላይ ተዘርግታ ያ ሁሉ የወፍጮ ጩኸት አይቀሰቅሳትም። ሞተሩ ጠፍቶ ከጆንያው ኋላ አንዲት ነገር ኮሽ ስትል ግን ዓይኗን ሳትገልጥ ጭራዋ መንቀሳቀስ ይጀምራል። ባለወፍጮው «እንዴት ታምራለች!» እያለ ሲያደንቃት አትሰሙትም፤ ለምን እንዳስቀመጣት ያውቃል።

እንቅልፏ ሲጠልቅስ? ፈረንሳዊው ተመራማሪ ሚሼል ዡቬ ከ1950ዎቹ መጨረሻ ጀምሮ (ዓመቶቹን ሁሉ በፈረንጆች አቆጣጠር ነው የምጽፈው) ሊዮን ከተማ ውስጥ በድመቶች ላይ ጥናት ያካሂድ ነበር። ሕልም በሚታይበት የእንቅልፍ ደረጃ ላይ ሰውነትን አስሮ የሚይዘውን የአንጎል ክፍል ጎድቶ ምን እንደሚያደርጉ ተመለከተ። ሙከራው ጭካኔ አለበት፣ አልሸፋፍነውም። ያየው ነገር ግን የሚረሳ አይደለም፤ ድመቶቹ ሳይነቁ ተነሡ፣ አደቡ፣ ዘለሉ፣ በሌለ ጠላት ላይ ጥፍራቸውን ሰነዘሩ። ከውጭ ሲያዩዋት ሰላም የመሰለችው ድመት በውስጧ አደን ላይ ነበረች። ሰዓቷን ቆጥሮ «ትተኛለች» ያለ ሰው ቁጥሩን አልሳተም። የሳተው የምትሠራውን ነው።

ይህን ቢያትሪክስ ፖተር አሳምራ ታውቅ ነበር፤ የሚገርመው ደግሞ የእርሷ ሥዕሎች ዛሬ በሕፃናት ሳሕንና በብርድ ልብስ ላይ ታትመው የምቾት ምልክት መሆናቸው ነው። በ1902 በወጣው የጥንቸሉ ፒተር መጽሐፍ ውስጥ አንዲት ነጭ ድመት ኩሬ ዳር ተቀምጣ ዓሣ ታያለች። ንቅንቅ አትልም፤ የጭራዋ ጫፍ ብቻ አልፎ አልፎ ይርገበገባል። ፒተር መንገድ ጠፍቶታል፣ አልቅሷል፣ የሚጠይቀው ሰው ይፈልጋል። እርሷን ግን አይጠይቃትም። ከአጎቱ ልጅ ስለ ድመት የሰማው ነገር አለና ድምፁን አጥፍቶ ያልፋታል። ከዚያ በፊት በነበሩት ገጾች የአትክልቱ ቦታ ባለቤት አቶ ማክግሬገር እየጮኸ አሳዶታል፤ የዚያች የጭራ ጫፍ ጸጥታ ግን ከዚያ ሁሉ ጩኸት ይብሳል።

ከሁለት ዓመት በኋላ በ1904 በወጣው መጽሐፍ ፖተር ነገሩን ወደ ፊት ትገፋዋለች። ፒተርና የአጎቱ ልጅ ቤንጃሚን ሽንኩርት በመሐረብ ቋጥረው ከአትክልቱ ቦታ ሊወጡ ሲሉ ድመት ያዩና ትልቅ ቅርጫት ሥር ይደበቃሉ። ድመቷ ካረፈችበት ተነሥታ ትንጠራራለች፣ መጥታ ቅርጫቱን ታሸታለች፣ ከዚያ ላዩ ላይ ወጥታ ትቀመጣለች። አምስት ሰዓት ሙሉ። ፖተር የቅርጫቱን ውስጥ አትስለውም፤ ጨለማ ነው፣ የሽንኩርቱም ሽታ የከፋ ነው ብላ ታልፈዋለች። አሁን ይህን ሥዕል ከታሪኩ ነጥላችሁ ሽፋን ላይ ለጥፉት። ምን ይታያል? ቅርጫት ላይ ያረፈች ድመት፤ የሻይ ስኒ ብታስጠጉላት «ኮዚ» ሆነች። ታሪኩ ውስጥ ግን ይህ ከበባ ነው። ሁለት ሕፃናት እያለቀሱ ከድመት ሥር ታግተዋል። ሥዕሉ አንድ ነው፤ ልዩነቱን ያመጣው ቅርጫቱ ሥር ማን እንዳለ ማወቃችን ነው። የሽፋን ሠዓሊዎቻችን ቅርጫቱን ያነሡና ድመቷን ያስቀሯታል።

እሳት ዳር መጋደሟስ? ያ እንኳ የዕረፍት ምስል ነው ትሉ ይሆናል። በዚያው በ1902 ሩድያርድ ኪፕሊንግ ብቻውን ስለሚሄደው ድመት ጻፈ። በዚያ ተረት ውሻው፣ ፈረሱና ላሟ ለሰው ሎሌ ሆነው ያድራሉ። ድመቱ ግን ከዋሻው እመቤት ጋር ይደራደራል፤ አንድ ጊዜ ካመሰገነችው ዋሻው ውስጥ ሊቀመጥ፣ ሁለት ጊዜ ካመሰገነችው እሳት ዳር፣ ሦስት ጊዜ ካመሰገነችው ወተት ሊጠጣ። እሳት ዳር መቀመጥን ያገኘው እንዴት ነው? የሚያለቅሰውን ሕፃን አጫውቶና አንኮራፍቶ በማስተኛት። ልብ በሉ፤ በታሪኩ ውስጥ የተኛው ሕፃኑ ነው፣ ድመቱ አስተኚ ነው። እሳት ዳር ያለው ቦታም ችሮታ አይደለም፤ ተደራድሮ፣ ሠርቶ፣ ተከራክሮ ያገኘው ርስት ነው። ውሻ ምድጃ አጠገብ ሲተኛ ተፈቅዶለት ነው። ድመት ስትተኛ ይገባታል።

ወደ ወንጀል ልቦለዱ እንምጣ፤ ክርክሩ የሚከርረው እዚህ ነው። ውሉን አልቃወምም። ደም የማይረጭበት የወንጀል መጽሐፍ ማንበብ የወደደ ሰው መብቱ ነው፣ እኔም አነባለሁ። የምቃወመው ድመቷን የውሉ ማኅተም ማድረጉን ነው። ሊሊያን ጃክሰን ብራውንን ውሰዱ። ዲትሮይት ፍሪ ፕሬስ በሚባለው ጋዜጣ ለሠላሳ ዓመት ገደማ የሠራች ጋዜጠኛ ነበረች፤ ጋዜጠኛው ጂም ክዊለራን ከሁለት የሲያም ድመቶች፣ ከኮኮና ከዩም ዩም ጋር ምስጢር የሚፈታባቸውን 29 ልቦለዶች ጻፈች። የመጀመሪያው በ1966፣ ሦስተኛው በ1968 ወጡ፤ ከዚያ 18 ዓመት ዝም ተብሎ አራተኛው በ1986 ታተመና አንባቢው ጎረፈ። የለስላሳው ወንጀል ልቦለድ ስም ሲነሣ የእርሷ ስም አብሮ ይነሣል። ይህ ሁሉ ከየት ጀመረ? ኮኮ የሚባል የምትወደው የሲያም ድመት ነበራት፤ ከአሥረኛ ፎቅ መስኮት ወድቆ ሞተ። ሰው ገፍቶት ነው ተባለ። ብራውን ሐዘኗንና ንዴቷን ይዛ ተቀመጠችና ልጇን ስለገደሉባት እናት ድመት አጭር ልቦለድ ጻፈች፤ በ1962 በኤለሪ ኩዊን የምስጢር መጽሔት ላይ ወጣ። እንግዲህ የምቾት መጻሕፍት እመቤት የተባለችው ደራሲ ወደ ወንጀል ልቦለድ የገባችው በድመት ግድያ ተቆጥታ ነው። ያን ቁጣ ከሻይ ስኒው አጠገብ የት ላይ ነው የምትስሉት?

ልቦለዶቿንም ገልጣችሁ እዩ። ኮኮና ዩም ዩም ፍሪጅ ላይ በተቀመጠች ሰማያዊ ትራስ ላይ ይተኛሉ። ሙቀት ስላለው ነው ትሉ ይሆናል፤ ይሁን። ነገር ግን ፍሪጅ በቤቱ ውስጥ ከፍ ያለ ማማም ነው፤ ማን ገባ፣ ማን ወጣ፣ ማን ምን ይዞ መጣ የሚለው ሁሉ ከዚያ ይታያል። ክዊለራን የቤቱ ጌታ እኔ ነኝ ብሎ ያስባል፤ ኮኮ ከዚያች ትራስ ወርዶ ከመደርደሪያው ላይ አንድ መጽሐፍ በመዳፉ እስኪጥልለት ድረስ ግን አብዛኛውን ጊዜ ተደናብሮ ነው የሚቆየው። ኮኮ የተኛበት ምዕራፍ ነገር የሌለበት ምዕራፍ አይደለም። ሰውየው ገና ያልገባው ምዕራፍ ነው። የካሮል ኔልሰን ዳግላስ ጥቁር ድመት ሚድናይት ሉዊማ ጭራሽ በላስ ቬጋስ ጎዳናዎች ላይ ራሱን እንደ ግል መርማሪ ቆጥሮ ታሪኩን በገዛ አንደበቱ ይተርካል።

ድመቷ የምትሠራውን በሰው መልክ ማየት የፈለገ አጋታ ክሪስቲን ያንብብ። ሚስ ማርፕል ጥግ ይዛ ሹራቧን ትሠራለች። ሰዎች ፊቷ ያወራሉ፣ ይጣላሉ፣ ይዋሻሉ፤ አሮጊት ናት፣ ሹራብ ትሠራለች፣ ምን ታውቃለች? ገዳዩ የሚያዘው በዚያ ንቀት ነው። ሶፋ ላይ የተኛችው ድመት ኃይሏ ያው ነው፤ ማንም አይቆጥራትም፣ ስለዚህ ሁሉም ፊቷ ይሆናል። መርዙ ስኒው ውስጥ ሲገባ ክፍሉ ውስጥ የነበረችው እርሷ ናት። ታዲያ ድመቷን የማትቆጠር አድርጎ የሚስል ሽፋን የገዳዩን ስሕተት እየደገመ ነው ብል ምን አጠፋሁ?

«አንባቢው ግን መጽናናት ይፈልጋል» የሚለው መልስ ይቀርብልኛል። አዎን ይፈልጋል። መጽናናቱ የሚመጣው ከየት ነው? ዘበኛ ያለው ሰፈር ነዋሪ በሰላም የሚተኛው ዘበኛው ስለተኛ ነው? ሰው በለስላሳ የወንጀል ልቦለድ የሚጽናናው ክፋት ስለሌለ አይደለም፤ ክፋቱማ በመጀመሪያዎቹ ገጾች ላይ ሬሳ ሆኖ ተጋድሟል። የሚጽናናው አንድ ሰው፣ ወይም አንዲት ድመት፣ ነገሩን እያየች ስለሆነ ነው። ሁሉም የተኛበት መጽሐፍ አያጽናናም፤ ያሰለቻል። ይህን ዓይነት መጽሐፍ ብዙ ጊዜ እስከ መጨረሻው ሳልደርስ የማስቀምጠውም በዚህ ምክንያት ነው። ድመቷ በመጀመሪያው ምዕራፍ ትተኛለች፣ በመጨረሻው ምዕራፍ ትተኛለች፣ መሐል ላይ ደግሞ ደራሲው ረስቷታል። ከመጽሐፉ ብትወጣ አንድ ዓረፍተ ነገር አይጎድልም። ያች ድመት አልተኛችም፤ ጭራሽ አልተጻፈችም።

ልጆች ላይ ደግሞ ትዕግሥቴ ያልቃል። የተኛች ድመት ያየ ልጅ ይተኛል የሚል ሰው ልጅነቱን ጨርሶ የረሳ ሰው መሆን አለበት። ከልጅ በላይ የውሸት እንቅልፍ የሚያውቅ ማን አለ? ከወላጆቻችን ጋር አንድ ክፍል ተጋርተን ያደግን ሰዎች ስለ ቤት ኪራይ፣ ስለ ዕቁቡ ዕጣ፣ ስለ አክስታችን ትዳር የሰማነውን ሁሉ የሰማነው ብርድ ልብስ ተከናንበን፣ ትንፋሻችንን አስረዝመን፣ ዓይናችንን ጨፍነን ነው። «ተኝተዋል ልጆቹ?» ይባላል። «ተኝተዋል» ይባላል። ከዚያ ወሬው ይጀመራል። እንዲህ ያለ ልጅ ግማሽ ዓይኗን የከደነች ድመት ሥዕል ላይ ሲያይ ባልደረባውን ነው የሚያየው። በመኝታ ሰዓት መጽሐፍ የሚወዳትም ምን እንደምታደርግ ስለሚያውቅ ነው፤ እኛ ጎልማሶቹ ብቻ ነን የተታለልነው።

የእንግሊዝ ልጆች ይህን የተማሩት ከጁዲት ኬር ነው። ኬር በርሊን ተወልዳ በ1933 ከናዚ ጀርመን ከቤተሰቧ ጋር የሸሸች ሴት ናት፤ ሰላም የመሰለ ቤት ምን ያህል በቶሎ ባዶ እንደሚሆን አይታለች። በ1970 ያወጣቻት ድመት ሞግ ዝንጉና ድብርታም ናት፣ ቤተሰቡ ይሰለቻታል። ሌባ ወጥ ቤት የገባ ሌሊት ግን ነቅታ የተገኘችው እርሷ ብቻ ናት፤ መስኮት ላይ ስትጮህ ሌባው ደንግጦ ያለውን ይጥላል። ሜዳሊያ ያሸልማታል። ይህ አስቂኝ ነው። በ2002 የወጣው የስንብት መጽሐፍ ግን አስቂኝ አይደለም። ሞግ ትደክማለች፣ ለዘላለም መተኛት ትፈልጋለች፣ ትተኛለችም፤ ትሞታለች። ኬር ግን እዚያ አታቆምም። ከሞግ ትንሽ ክፍል ቀጥሎ ምን እንደሚመጣ ለማየት ነቅታ ትቀራለች፤ ቤተሰቡ ሲያለቅስና አዲስ ድመት ሲገባ ታያለች። ይህ የልጆች መጽሐፍ ነው። የድመት እንቅልፍ ጌጥ ነው ለሚሉት ከዚህ የበለጠ መልስ አላውቅም፤ በሕፃናት ሥነ ጽሑፍ ውስጥ ካሉት እጅግ ደፋር ገጾች በአንዱ ድመቷ ሞታ እንኳ ዘቧን አልፈታችም።

ጥንታዊ ምሳሌ ነው የሚለው ክርክር ይቀረናል። ለዚህ ምስክር የሚጠሩት ጃፓን ውስጥ ኒኮ በሚባለው ስፍራ፣ በቶሾጉ መቅደስ ያለውን የተኛ ድመት ቅርጽ ነው። የጦር አለቃው ቶኩጋዋ ኢዬያሱ ወደተቀበረበት ሥፍራ በሚወስደው በር ላይ የተቀረጸ ትንሽ ድመት ነው፤ ሂዳሪ ጂንጎሮ የተባለ ባለሙያ ሥራ ነው ይባላል። ከጀርባው ድንቢጦች ተቀርጸዋል። ድመት ተኝቶ ድንቢጥ ሲጫወት ሰላም ሰፈነ ማለት ነው የሚል ፍቺ አለው፤ ቱሪስቱ ሁሉ ይህን ይዞ ይመለሳል። ሁለተኛውን ፍቺ ግን ጃፓኖች ራሳቸው ይናገሩታል። ድመቱ የተኛ መስሎ የጌታውን መቃብር የሚጠብቅ ነው፤ የፊት እግሮቹን ያያችሁ እንደሆነ ለመዝለል የተዘጋጁ ናቸው። እኔ ሁለተኛውን እመርጣለሁ። ያን ያህል ጠላት የነበረው ሰው መቃብሩ በር ላይ የሚያንቀላፋ ዘበኛ ያቆማል? ሰላሙስ ቢሆን ከማን የመጣ ነው? ድንቢጦቹ የሚጫወቱት ድመቱ እስከፈቀደ ድረስ ነው።

የኛ ሰው በዚህ ነገር ተሞኝቶ አያውቅም። «ድመት መንኩሳ ዓመሏን አትረሳ» ያለው ዓይኗን ሰብራ፣ እጇን አጣጥፋ፣ ጾመኛ መስላ ስትቀመጥ ስላያት ነው። የቤት ድመት ዘሯ የሚመዘዘው ከአፍሪካ የዱር ድመት ነው፤ ያች የዱር ድመት ዛሬም በአገራችን ቁጥቋጦ ውስጥ አለች። ምድጃ ዳር አመድ የምትሞቀዋን የሚያይ ገበሬ ከእርሷ ጋር ምን እንዳስገባ ያውቃል። ጎተራ አጠገብ እንድትተኛ የሚተዋትም ስለዚህ ነው።

ታዲያ የተሳሳተው አመለካከት እንዴት አሸነፈ? አይጥ ሳይኖር ድመት የሚያኖር ሰው በዛ፣ ቆርቆሮ ምግብ መጣ፣ የድመት ፎቶ የሞባይሉን ስክሪን ሞላው። ሌላም ነገር አለ፤ ሰው የራሱን እንቅልፍ በእርሷ ላይ ይለጥፋል። ናትሱሜ ሶሴኪ በ1905 እና በ1906 በየክፍሉ ባሳተመው ልቦለድ ስም የሌለው ድመት ተራኪ ነው። ጌታው መምህር ነው፤ ከትምህርት ቤት ሲመለስ የጥናት ክፍሉን ዘግቶ ይገባል፣ ቤተሰቡ ያጠናል ብሎ ያከብረዋል። ድመቱ ገብቶ ሲያየው መጽሐፉ ላይ ምራቁን አዝረክርኮ ተኝቷል። በዚያ ቤት የተኛው ማን ነው፣ የነቃውስ? «ሰነፍ ድመት» የሚለውን ስም ያወጣው መምህሩ መሆን አለበት።

ጋርፊልድን እያነሣችሁ እንዳትመጡብኝ። እርሱ ከ1978 ጀምሮ ይተኛል፣ ይበላል፣ እንደገና ይተኛል፤ እሺ። እርሱም ቢሆን የሚተኛው ጌታውን ጆንን ለማሸነፍ ነው፤ እንቅልፉ አድማ ነው። የዋለበት ሥራ አለው ማለት ነው።

ስለዚህ ከእንግዲህ ለሚጽፉና ለሚስሉ የምለው ይህን ነው። ድመት በታሪካችሁ ውስጥ ልትተኛ ከፈለገች ትተኛ፤ ግን ከመተኛቷ በፊት ምን እንደሰማች፣ ከሥሯ ማን እንዳለ፣ የማንን ቦታ እንደያዘች፣ ስትነሣ ምን እንደምታደርግ እወቁ። ገዳዩ ስኒውን ሲያነሣ ጆሮዋን ወደ እርሱ አዙሩት። ድንቢጥ ከሳላችሁ ጥፍር አትደብቁ። ልጆቹ ያዩታል፣ ለእናንተም ሳይነግሯችሁ ደስ ይላቸዋል። ይህን ማድረግ የማይፈልግ፣ ክፍሉ ሞቅ ብሎ እንዲታይ ብቻ የሚፈልግ ሠዓሊ ደግሞ ድመቷን ይተዋትና ትራስ ይሳል።